ቦንጋ፣ የአስተርጓሚው ቤት

ከቦንጋ ከተመለስኩ ወዲህ ያገኘኝ ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ ስለ ጫካውና ስለ ማሩ ነው። ጫካውን ያየሁት በሚኒባስ መስኮት፣ ያውም ጉም በሸፈነው መስኮት ነው። ማሩን በላሁ፤ ጥሩ ነው። ከዚህ በላይ ስለ ሁለቱ የምለው የለኝም። የሄድኩት ለሽርሽር አልነበረም። ወገቤ እስካሁን እንደ ተያዘ ነው፤ ስቀመጥም ስነሳም የመንገዱን ጉድጓድ አንድ በአንድ ያስታውሰኛል።

እንጀራዬ የንግግር ሕክምና ነው። አፋቸውን ለመፍታት የዘገዩ ሕፃናትንና በስትሮክ አፋቸው የተያዘ ትልልቅ ሰዎችን ሳይ ፀጉሬ ሸበተ። በአገራችን በዚህ ሙያ ያለነው ጥቂት ስለሆንን ዘመድ ሁሉ ስልኬን ያውቀዋል። ቦንጋ ተወልዳ ያደገችው የአክስቴ ልጅ እትዬ አስካለም ደወለች።

"ዘነቡ፣ ነይና ይሄን ሰውዬ አናግሪልኝ" አለችኝ። "ከእኔ ጋር ኩርፊያ ይዟል።"

ሰውዬው ባሏ ጋሽ መኩሪያ ናቸው። ዕድሜያቸውን ሙሉ በፍርድ ቤት ከካፋ ሕዝብ ቋንቋ ከካፊኖኖ ወደ አማርኛ፣ ከአማርኛ ወደ ካፊኖኖ ሲያስተረጉሙ ኖረው ጡረታ ወጡ። ባለፈው ክረምት ስትሮክ መታቸው፤ ቀኝ ጎናቸው ተያዘ። "አሁን ግን ተሽሎታል፤ ሰላምታው እንደ ድሮው ነው" ስትል ቆይታ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "የምሕረትን ነገር ነው ያበላሸብኝ። ሦስት ጊዜ ሽማግሌ መጣ፣ ሦስት ጊዜ መለሳቸው። ልጅቷ ሰኞ ጥላን ልትሄድ ነው።"

ምሕረት አንድ ልጃቸው ናት። ደክሞኝ ነበር፤ ፈቃዴንም ለእንቅልፍ አስቀምጬው ነበር። ሻንጣዬን አዘጋጀሁ።

ማክሰኞ

"ሳይነጋ ድረሱ" ይሉና ሲነጋ እዚያው ቆመን እንገኛለን፤ መናኸሪያ እንደዚህ ነው። አውቶቡሱ ሲነሳ ጎማው ላይ ያለው ወንበር ደርሶኝ ጉልበቴ አገጬ ጋ ደርሶ ነበር። ከአጠገቤ አንዲት ወጣት እናት ሁለት ዓመት ያልሞላት ልጇን ታቅፋ ተቀምጣለች። እስከ ወሊሶ ድረስ ልጅቷ ተኛች። ከዚያ ነቃችና ጣቷን ወደ መስኮቱ ቀስራ "ባ!" አለች።

"አዎ፣ በግ! በጉን አየሽው?" አለች እናትየው። ውጪ የነበረው ባሕር ዛፍ ነው።

ትንሽ ቆይታ ደግሞ "ባ!" አለች። "አዎ፣ ባስ! በባስ ነው የምንሄደው!" ከኋላችን የተቀመጡ አንድ አዛውንት አንገታቸውን አስግገው "የለም፣ ቡና ማለቷ ነው፤ ጅማ እንደምትሄድ አውቃለች" ብለው ባሱን አሳቁት። እስከ ወልቂጤ የአውቶቡሱ ግማሽ ልጅቷ ምን እንዳለች ሲከራከር ሄደ።

እኔ ዓይኔን ጨፍኜ ሰማኋቸው። ወላጆች ዘንድ ተቀምጬ ብዙ ጊዜ የምለው ይህንኑ ነው፤ ልጅ አፉን የሚፈታው ሰው ስላስተማረው ብቻ አይደለም። ገና ምንም ሳይል፣ እንዳለ ቆጥረው ስለሚመልሱለት ነው። ድምፅ ያወጣል፤ እኛ ከድምፁ ኋላ ሐሳብ አለ ብለን እናምናለን፤ እሱም አንድ ቀን ሐሳቡን ይዞ ይመጣል። ሁላችንም በዚህ ደግነት ነው ተናጋሪ የሆንነው። ያን ዕለት ይህ ደግነት ሰውን ሊጎዳም እንደሚችል አልታሰበኝም ነበር።

ጊቤ ወርደን ሞተሩ ጋለና ቆምን። ሙቀቱ እንደ ምድጃ አፍ ነው፤ እኔ ደግሞ የኮልፌን ብርድ ለምጄ ሹራብ ደርቤያለሁ። ወጣቷ እናት ልጇን አስታቅፋኝ የአውቶቡሱን ጥላ ፍለጋ ሄደች። ልጅቷ ፊቴን አይታ "ባ" አለችኝ። "አዎ፣ ባልቴት ነኝ" አልኳት።

ጅማ ስንደርስ ፀሐይ እያዘቀዘቀች ነበር። ያደርኩበት ሆቴል ውሃ አልነበረውም። ባለቤትየዋ እግሬ ማበጡን አይታ ምንም ሳልጠይቃት በጆግ ውሃ አሙቃ፣ ጨው ጨምራበት፣ በሳፋ አመጣችልኝ። "እናቴም ከመንገድ ስትመጣ እንደዚህ ነው የምትሆነው" አለች። በእኛ ሰፈር ጎረቤቴ ይህን የሚያደርግልኝ አይመስለኝም።

ረቡዕ

ከጅማ በሚኒባስ ተነሳን። ሸቤን አልፈን ወደ ጎጀብ ስንወርድ ደግሞ ሙቀት፤ ወንዙን ተሻግረን ስንወጣ ደግሞ ዝናብ። የአየሩ ነገር እንደዚህ ነው፤ አንዱን ሹራብ ሳወልቅና ስለብስ ዋልኩ። ከወንዙ በኋላ ሁሉም ነገር አረንጓዴ ሆነ፤ ዓይን የሚያርፍበት ሌላ ቀለም የለም። የአዲስ አበባ ሰው አንድ ዛፍ ግቢው ውስጥ ቢኖረው ፎቶ ያነሳዋል፤ እዚህ ግን ሰው ዛፉን ቀና ብሎም አያየው። ጊምቦ ላይ ቆመን የጾም በያይነቱ በላሁ፤ ጎመኑ ከእኛ ጎመን ይጣፍጣል። ይህን ለማንም አልተናገርኩም።

ቦንጋ መናኸሪያ የያዝኩት ባጃጅ ዳገቱ ላይ ጭቃ ያዘው። ሹፌሩ "ይውረዱልኝ እትዬ" አለኝ። ስወርድ ሻንጣዬ ቀድሞኝ ወረደ፤ ጭቃው ውስጥ ተገለበጠ። ሹፌሩ ከእኔ በላይ ደነገጠ። ከአንድ ግቢ ውሃ ለምኖ ሻንጣዬን አጠበልኝ፤ ጨርሶ "አዲስ ሆነ" አለ። አዲስ አልሆነም።

ከበሩ ላይ የተቀበሉኝ ጋሽ መኩሪያ ራሳቸው ናቸው። ነጭ ጋቢያቸውን አጣፍተው፣ ግራ እጃቸውን ምርኩዝ ላይ አድርገው በረንዳው ላይ ቆመዋል።

"ዘነቡ! እንደምን ነሽ? ደህና ነሽ ወይ? ቤተሰቡ ደህና ነው? ልጆቹ ደህና ናቸው? እግዚአብሔር ይመስገን፣ እኛ ደህና ነን። ግቢ፣ ግቢ!"

እውነቱን ልናገር፣ እኔም ተታለልኩ። ድምፃቸው ያው ነው፣ ፈገግታቸው ያው ነው። ይህን ሁሉ መንገድ ለምን መጣሁ ብዬ በልቤ ተናደድኩ። ከተቀመጥን በኋላ "ጋሽ መኩሪያ፣ እግርዎትን እንዴት አደረጉት? ይራመዱበታል?" አልኳቸው።

"ደህና…" አሉ። ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ፤ ዓይናቸው ጣሪያው ላይ የሆነ ነገር ፈለገ። "ደህና… እ…" ግንባራቸው ወዛ። ከዚያ በጠራ የፍርድ ቤት ድምፅ "ለሌላ ቀን ተቀጥሯል" አሉና ወደ ደጁ ዞሩ።

"አየሽ?" አለች እትዬ አስካለ ከጓዳ። "ሲፈልግ ነው።"

ሐሙስ

ያን ቀን ጠዋት ከጋሽ መኩሪያ ጋር በረንዳው ላይ ተቀመጥኩ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ይውላል፤ እየጮህኩ ነበር የምጠይቃቸው። አጭር ነገር ስላቸው ይገባቸዋል፤ "መነጽርዎን ያንሱ" ስላቸው አነሱ። "መነጽርዎን አንሥተው ከመጽሐፉ አጠገብ ካስቀመጡ በኋላ በሩን ያሳዩኝ" ስላቸው ግን መነጽሩን እንደያዙ ቀሩ። የማንኪያን ሥዕል አይተው ስሙን ማውጣት አልቻሉም። "ስምዎ መኩሪያ ነው?" ስላቸው ራሳቸውን በአዎንታ ነቀነቁ። "ስምዎ ተሰማ ነው?" ስላቸውም ነቀነቁ። ወዲያው ስህተቱ ገብቷቸው ጉልበታቸውን በቡጢ መቱ። ስለዚህ "አዎ ወይስ አይደለም" ብሎ ጠይቆ መገላገል አይቻልም ነበር።

ከሰዓት በኋላ ምሕረት ከሥራ መጣች። ዞን ቢሮ ነው የምትሠራው። እኔን ሳመችኝ፤ አባቷን ግን አልፋቸው ገባች። ተከትያት ጓዳ ገባሁ።

"ሦስት ጊዜ ነው የመጡት አክስቴ" አለችኝ። "የእጮኛዬ የአለማየሁ ሽማግሌዎች፣ ከሺሺንዳ። አባዬ ተነሥቶ ተቀበላቸው፣ የሁሉንም ቤተሰብ ጤና ጠየቀ። ጥያቄውን ሲያቀርቡ 'ለሌላ ቀን ተቀጥሯል' አላቸው። መጀመሪያ ደስ አለን፤ ሽማግሌ በመጀመሪያው ቀን እሺ አይባልም፣ ወጉ ነው። በሁለተኛውም ያንኑ አለ። በሦስተኛው 'ገብቶናል' ብለው ምግቡን ሳይነኩ ወጡ።"

"እንደማይችሉ አልነገራችኋቸውም?"

"እማዬ ተሽሎታል ብላ ለአገሩ አውርታለች። ደሞስ እንዴት አይችልም? ለጎረቤቱ ሁሉ ይችላል።" ዓይኗ እንባ ሞላ። "አለማየሁ የካፋ ብሔረሰብ ልጅ ስለሆነ ነው። የአባዬ አያቶች ከሰሜን የመጡ ናቸው፤ እሱ በአፉ አይበለው እንጂ በሆዱ ይዞታል። ዕድሜ ልኩን የነሱን ቃል ሲያመላልስ ኖሮ ልጁን ሲጠይቁት ከበደው። አለማየሁ የሚያስተምረው ቢታ ገነት ነው፤ ዝውውር አግኝቻለሁ። ሰኞ እሄዳለሁ፤ ሠርግም ምርቃትም አልፈልግም።"

እትዬ አስካለን ለምን እንደደበቀች ጠየቅኋት። "ምን ልበል?" አለች። "የዚያን ሁሉ ሰው ቃል ሲያቃና የኖረ ሰው፣ አፉ ጠፋበት ብዬ አገር ላሳማው?"

ዓርብ

አመሻሹ ላይ ማር የምታመጣላቸው ሴት መጣች። በረንዳው ሥር ቆማ ለእትዬ አስካለ በካፊኖኖ የሆነ ነገር አለቻት። እኔ አንድም ቃል አልገባኝም። ያኔ ጋሽ መኩሪያ ወንበራቸው ላይ ቀና አሉና፣ ወደ እኔ ዞረው፣ ያለ አንዳች መደናቀፍ "ዝናቡ ስለበዛ ንቡ አልሠራም፤ የዘንድሮው ማር ትንሽ ነው ይላሉ" አሉ።

የያዝኩላቸውን ምርኩዝ ጣልኩት። "ሌላ ነገር ትናገር በዪልኝ" አልኳት እትዬ አስካለን። ሴትየዋ ግራ እየገባት ቀጠለች። "ልጃቸው ታሞ ነበር፤ አሁን ድኗል ይላሉ" አሉ ጋሽ መኩሪያ። እንደ ውሃ ነው የሚወርደው። "ጋሽ መኩሪያ፣ ልጁን ምን ነበር ያመመው?" አልኩ በአማርኛ።

"እ… ደህና… ለሌላ ቀን ተቀጥሯል።"

እትዬ አስካለ ማሩን ተቀብላ ጓዳ ገባችና በሩን ወረወረችው። ተከተልኳት።

"አየሽው አይደል! ለማር ሻጭ ምላስ አለው! ለእኔ ሲሆን ይዘጋል!"

"አስካለ፣ ቁጭ በዪ" አልኳት። እኔም ተቀመጥኩ፤ ወገቤ አላስቆመኝም። "ከገበያ ስትመለሺ ሐሳብሽ ሌላ ቦታ ሆኖ፣ ሳታስቢው ራስሽን ደጃፍሽ ላይ አግኝተሽ አታውቂም?"

"አውቃለሁ።"

"እግርሽ ነው ያመጣሽ። ሰላምታም እንደዚያ ነው፤ ዕድሜ ልክ የተመላለስንበት መንገድ ስለሆነ አፍ ብቻውን ይሄድበታል። ማስተርጎምም ለእሳቸው እንደዚያ ሆኖ ተርፏል፤ አንዳንድ ሰው ላይ ይደርሳል። ሐሳቡን ሌላ ሰው ያመጣዋል፣ እሳቸው ያሻግሩታል። የራሳቸውን ሐሳብ ለመናገር ግን ባልተሄደበት መንገድ መሄድ አለባቸው። ስትሮኩ የዘጋው እሱን ነው። ሲጨንቃቸው አፋቸው የሚያገኘው ያንን የፍርድ ቤት ቃል ብቻ ነው። እናንተ ግን ከቃሉ ኋላ እምቢታ አለ ብላችሁ ቆጠራችሁ።"

ማሩ ላይ የወደቀች ንብ በጣቷ አወጣች።

"ታዲያ ለእኔ የሚዘጋው…" አለች ቀስ ብላ። "ለእኔ የሚለው ነገር ስላለው ነው?"

"ከአንቺ ጋር ሰላምታ አይለዋወጡማ፤ ለአንቺ የሚሉት የራሳቸውን ሐሳብ ነው።"

ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች። ያን ምሽት እራቱን ራሷ አጎረሰቻቸው። ምሕረት ግን የነገርኳትን ሁሉ ሰምታ "ይህ የአንቺ ትምህርት ነው አክስቴ፤ እኔ የሰማሁት የአባቴን አፍ ነው" አለችኝና ልብሷን ሻንጣ ውስጥ ማጠፍ ቀጠለች። ሽማግሌዎቹ እንደገና ካልመጡ በቀር የእኔ ወሬ የትም እንደማይደርስ ገባኝ።

ቅዳሜ

ሺሺንዳ ሩቅ አይደለም ይላሉ። ሩቅ አይደለም የሚሉት ሚኒባሱን ሳይገፉ ቀርተው ነው። በእህል ማዳበሪያና በዶሮ መሀል ተቀምጬ ግማሽ መንገድ እንደሄድን ጎማው ቦይ ውስጥ ገባ። ሁላችንም ወርደን ገፋን። ስንጨርስ አንዱ ጫማዬ ጭቃው ውስጥ ቀርቷል፤ ብንቆፍርም አላገኘነውም። ለገበያ የምትሄድ አንዲት ሴት ከዘንቢሏ ኮንጎ ጫማ አውጥታ "ለእህቴ ይዤው ነበር፤ አንቺ አድርጊው" አለችኝ። እግሬ ውስጡ ይዋኛል። አዲስ አበባ ሰው አንድ ጫማ ብቻ ይዞ ቢቆም አይተውት ያልፉ ነበር።

የሽማግሌዎቹን መሪ ጋሽ ገብሬን ቤታቸው አገኘኋቸው። የአለማየሁ አጎት ናቸው። ሚስታቸው ኮንጎዬን አይታ ምንም ሳትጠይቀኝ የእግር ውሃ አመጣች፤ ቆጮ በጎመንና ማር አቀረበች። ጋሽ ገብሬ በልቼ እስክጨርስ ጠበቁኝ። ከዚያ "በይ፣ የመጣሽበትን ተናገሪ" አሉ። አማርኛቸው ዘግየት ያለ፣ ግን የማይሳት ነው።

ነገርኳቸው። አላመኑኝም።

"እኔ ሽማግሌ ነኝ፤ ብዙ ቤት ሄጃለሁ። መጀመሪያ ቀን 'ሌላ ቀን ና' ካለ ክብር ነው። ሁለተኛም ይሁን፣ ይሁን ብለናል። ሦስተኛ ግን ንቀት ነው። ሰላምታ ላይ የኔን ላም እንኳ ጠየቀ። አፉ ደህና ነው። ልቡ ነው ያልፈለገ።"

"ላሟን ሁልጊዜ ይጠይቁዎታል?"

አሰቡ። "ሁልጊዜ" አሉ። "ላሟ ሞታለች። ሁለት ዓመት ሆነው።"

ሚስታቸው በካፊኖኖ የሆነ ነገር ብላ ሳቀች፤ እሳቸው ግን አልሳቁም።

"ድሮ በመሬት ተከስሼ ነበር" አሉ በመጨረሻ። "አማርኛ አላውቅም ያኔ። መኩሪያ ነው ያስተረጎመው። ዳኛው ተቆጣ፤ ቁጣውን ሳይቀንስ ነገረኝ። እኔም ተቆጣሁ፤ የኔንም ሳይቀንስ ለዳኛው ነገረው። ሌላ አስተርጓሚ ቢሆን ፈርቶ ያለዝበዋል። ስወጣ 'አንተ ያልከውን ነው ያልኩት' አለኝ። መሬቴ ዛሬም አለ።" ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። "ምን አድርግ ነው የምትዪኝ?"

"ነገ ይምጡ። በካፊኖኖ ይጠይቁ፤ በአጭሩ። መግቢያ አያብዙ፤ ረጅም ንግግር መሀሉ ላይ ይጠፋባቸዋል።"

እዚህ ላይ በእውነት ተቆጡ። "እንዲህ ያለ ነገር ባጭር አይጠየቅም! የሰው ልጅ ነው የምንጠይቀው፣ እሳት አይደለም የምንጫጫረው!"

"ስለ እሳቸው ብለው" አልኳቸው።

እስከ መኪናው ሸኙኝ። በሩን ሲዘጉልኝ "በአጭሩ" አሉ ለራሳቸው፤ ራሳቸውን እየነቀነቁ።

እሑድ

ከቤተ ክርስቲያን መልስ ዝናቡ አባራ። ጋሽ ገብሬ ከሁለት ሰዎች ጋር መጡ። ምሕረት ሻንጣዋን በሩ አጠገብ አቁማው ነበር፤ እናቷ ለምናት ነው የተቀመጠችው። ጋሽ መኩሪያ ምርኩዛቸውን ይዘው ተነሡ። "እንደምን ናችሁ? ቤተሰቡ ደህና ነው? ላሟ ደህና ናት?"

"ደህና ናት" አሉ ጋሽ ገብሬ። ከጋሽ መኩሪያ አጠገብ፣ በግራ በኩል ተቀመጡ። ለረጅም ንግግር የለመዱ ሰው አፋቸውን ሁለት ሦስት ጊዜ ከፍተው ዘጉ። ከዚያ በካፊኖኖ አንድ አጭር ነገር ተናገሩ።

ጋሽ መኩሪያ ጀርባቸውን አቀኑ። ፊታቸው ላይ ሥራ የገባ ሰው እርጋታ መጣ። ወደ እኛ ዞረው፣ ለሁላችንም እንዲሰማ አድርገው "ልጅዎን ምሕረትን ለልጃችን ለአለማየሁ ይስጡን ብለው ይጠይቃሉ" አሉ።

ከዚያም ሥራቸው እንደሚያዛቸው ጠበቁ። አስተርጓሚ ጠይቆ የተጠየቀውን ሰው ነው የሚያየው። እትዬ አስካለን አዩ፤ እኔን አዩ፤ ከመልሱ ባለቤት የሚመጣውን ቃል ለማሻገር ተዘጋጅተው አንድ በአንድ አዩን። ዓይናቸው ምሕረት ላይ ሲደርስ ቆመ። ሻንጣውን አዩ። ፊታቸው ቀስ እያለ ተለወጠ፤ የተጠየቁት እሳቸው መሆናቸው ያኔ ገባቸው።

አፋቸውን ከፈቱ። ግንባራቸው ወዛ፤ አንገታቸው ተገተረ። በዚህ ሙያ ኖሬ እንኳ ማየት አልቻልኩም፤ መሬት መሬት አየሁ።

"ለሌላ ቀን ተቀጥሯል" አሉ።

ምሕረት ተነሣች። ጋሽ ገብሬም ተንፍሰው ሊነሡ ሲሉ መነሣት አቃታቸው። የጋሽ መኩሪያ ግራ እጅ የጋሽ ገብሬን ጋቢ ጫፍ ጨብጧል። "ለሌላ ቀን…" አሉ ጋሽ መኩሪያ ደግመው፤ በገዛ አፋቸው ላይ ራሳቸውን በእምቢታ እያወዛወዙ፤ እጃቸው ግን ይባስ ጠበቀ። "ለሌላ… ለሌላ…" እንባቸው ጢማቸው ላይ ወረደ። ጋቢውን ወደ ራሳቸው ጎተቱት፤ ሽማግሌው ወንበሩ ላይ ተመልሰው ወደቁ።

"እኔ ሦስት ጊዜ ስመጣ አፉን ብቻ ነው የሰማሁት" አሉ ጋሽ ገብሬ። "እጁን አላየሁም።" ከዚያ ወደ ምሕረት ዞሩ። "ልጄ፣ አባትሽ ሂዱ አላለንም።"

ምሕረት ሻንጣዋን አልፋ መጥታ እግራቸው ሥር ተንበረከከች። "አባዬ" አለች። ጋሽ መኩሪያ ጋቢውን ለቀቁና እጃቸውን ራሷ ላይ አደረጉ። ከሽማግሌዎቹ አንዱ፣ ከልማድ ይመስለኛል፣ "እንግዲህ ይመርቁ" አለ።

ያኔ አፋቸው ተፈታ። "ውለዱ፣ ክበዱ" አሉ በድሮ ድምፃቸው። "አሜን" አለ ቤቱ። "ከክፉ ይሰውራችሁ።" "አሜን።" "ቤታችሁ ሙሉ ይሁን፤ ለወግ ለማዕረግ ያብቃችሁ።" "አሜን።" አንድ ቦታ አልተደናቀፉም። እትዬ አስካለ "ተናገረ! ተናገረ!" እያለች ታለቅሳለች።

አውቃለሁ። ምርቃት ከሰላምታ አይለይም፤ ያው አፍ ብቻውን የሚሄድበት መንገድ ነው፤ የሞተችዋን ላም ደህንነት ከሚጠይቀው ቦታ ነው የሚመጣው። ባለሙያ ሆኜ ብጠየቅ ይህንን መናገር ነበረብኝ። እጃቸው ግን የምሕረትን ራስ ይዳብስ ነበር፤ እሱን ማንም አላስተማረውም። ባሱ ውስጥ የነበረችው ሕፃን ትዝ አለችኝ፤ እናቷም፣ ላላለችው ቃል ሲመልስላት የነበረው ያ ሁሉ መንገደኛም።

ማንም አልጠየቀኝም። ደክሞኝ ነበር፤ እግሬ በሰው ኮንጎ ጫማ ውስጥ ይቆረጥማል። ከሁሉም ድምፅ በላይ ጮክ ብዬ "አሜን" አልኩ።